ኃይሌ ገሪማ ከደሴ ሲታይ

በ1966 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ጆናታን ዲምብልቢ የሚባል እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ የወሎን ረሃብ ቀርጾ በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። እዚህ የተደበቀውን እዚያ ሰው ሁሉ አየው። ያው ፊልም በዓመቱ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ፣ ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስሎች ጋር እየተቀላቀለ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ተላለፈ። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ።

በዚሁ መሀል፣ በ1966 ክረምት፣ ሎስ አንጀለስ ፊልም የሚማር አንድ የጎንደር ልጅ ካሜራ ይዞ አገሩ ገባ። ኃይሌ ገሪማ ነው። ያኔ 28 ዓመቱ ነበር። የትምህርት ቤት ዕረፍቱን ተጠቅሞ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ፣ በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጸ።

ሁለቱም ካሜራዎች የተዞሩት ወደ ገበሬው ነው። ጊዜው አንድ ነው፤ አገሩም አንድ ነው። አንደኛው ገበሬው ምን እንደሆነ አሳየ። ሁለተኛው ለምን እንደዚያ ሆነ ብሎ ጠየቀ። እኔ ስለ ኃይሌ ገሪማ ለመጻፍ የተነሳሁት በዚህ «ለምን» የተነሳ ነው።

ዲምብልቢ ክፉ ሠራ እያልኩ አይደለም። ያ ፊልም እርዳታ አምጥቷል፤ ሰው አትርፏል። ግን ወሎዬ ሆኖ የተወለደ ሰው የሚያውቀው አንድ ነገር አለ። በ1977ቱም ረሃብ ጋዜጠኛው ማይክል በርክና ካሜራማኑ መሐመድ አሚን መጥተው ኮረም ላይ ቀረጹ። ያኔ ኮረም በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ነበረች። ዓለም እኛን የሚያውቀን በእነዚህ ሁለት ቀረጻዎች ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም። አዲስ አበባ ሄጄ «ከየት ነሽ?» ስባል «ከወሎ» እላለሁ። ወይ ስለ ቁንጅና ይነሳል፣ ወይ ስለ ረሃብ። ሐይቅ ላይ ዓሣ የሚያጠምድ ሰው፣ ኮምቦልቻ ፋብሪካ ሠርቶ ጡረታ የወጣ ሰው፣ ሰኞ ገበያ ላይ በርበሬ የምትመዝን ሴትዮ የሉም። ካሜራው አላያቸውም።

እኔ የምኖረው በቪዲዮ ነው። ደሴ ፒያሳ አካባቢ ካለች ትንሽ ስቱዲዮ ውስጥ ኤዲት አደርጋለሁ። ሰርግ፣ ኒካህ፣ ክርስትና፣ የተማሪ ምርቃት። አንዳንዴ ራሴ ካሜራ ይዤ ኩታበርም ሐይቅም እወርዳለሁ። ስለዚህ ስለ ኃይሌ የምጽፈው እንደ ሃያሲ አይደለም። ታይምላይን ፊት ቁጭ ብሎ «ይሄን ልቁረጠው ወይስ ልተወው?» እያለ እንደሚውል ሰው ነው።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ከአባቴ ጋር ነው ያየሁት። አባቴ የጭሰኛ ልጅ ነው። ከኩታበር ወጣ ብሎ ካለ ቀበሌ ነው ያደገው። ፊልም ብዙም አይወድም፤ ዜና ካለቀ ይተኛል። የዚህን ፊልም ቋንቋ ግን ትርጉም ሳይፈልግ ይሰማል፤ አማርኛ ነው። ላፕቶፑን መደቡ ላይ አስቀምጬ ከፈትኩለት።

ገና ከመጀመሩ «ቆይ፣ ቆይ» አለኝ። «ይሄ ሰውዬ ገበሬ ነው አይደል?»

«አዎ አባዬ። ብዙዎቹ ተዋናይ አይደሉም።»

«አልኩሽ እኮ! እርፉን አያያዙን እዪው። ይሄ በትምህርት አይመጣም።»

ባለመሬቱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ቁልቁል ጭሰኞቹን ያያል። ይጮኻል፣ ይሰድባል፣ ያዛል። ካሜራው ሩቅ ነው። ሰዎቹ በእርሻው መሀል ትንንሽ ሆነው ይታያሉ፤ ድምፁ ግን ቅርብ ነው፣ ጆሮ ላይ ነው የሚጮኸው። አባቴ ሳቅ አለና «የእኛው ባላባት ወንበር አልነበረውም። በቅሎው ላይ ሆኖ ነበር የሚቆጥረው፤ ነዶ በነዶ» አለኝ። ይህንን ከዚያ በፊት ነግሮኝ አያውቅም። ስለ ረሃቡ ብዙ ጊዜ አውርቶልኛል። ስለ በቅሎዋ ግን ሰምቼ አላውቅም።

አንድ የሕልም ትዕይንት አለ። ገበሬዎቹ ራሳቸው እንደ በሬ ቀንበር ተጭኖባቸው ያርሳሉ። ሙዚቃ የለም፣ ማብራሪያ የለም። አባቴ እዚህ ጋ ዝም አለ። ተነስቶ መግሪቡን ሰግዶ ተመለሰና «እስቲ ወደኋላ መልሺልኝ» አለኝ። መለስኩለት። አየው። ከዚያ «ቀጥዪ» አለኝ።

ፊልሙ ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። ረጅም ነው። ብዙ ሰው «ይንቀረፈፋል» ይላል። እኔ ግን መንቀርፈፉ ውስጥ ነው ሥራውን ያገኘሁት። ገበሬው ከማለዳ እስከ ማታ ሲደክም በአንድ ደቂቃ ክሊፕ ከታየ፣ ተመልካቹ ድካሙን አወቀ እንጂ አልቀመሰውም። ኃይሌ ቁጭ ብለህ እንድትጠብቅ ያደርግሃል። የሰውየው ቀን ያንተ ቀን ይሆናል። ምርቱ ወደ ባለመሬቱ ቤት ሲገባ ታዲያ የተወሰደው ነገር ምን እንደሆነ በሰውነትህ ታውቀዋለህ።

ከበበ የሚባለውን ሰው ሳላነሳ አላልፍም። መሬቱን ተነጥቆ ድልድይ ሥር የሚኖር፣ ሰው «እብድ» የሚለው ሰው ነው። እውነቱን የሚናገረው እሱ ብቻ ነው። እንደዚህ ያለ ሰው ያላየ የደሴ ልጅ የለም። መንገድ ላይ ቆሞ ስም እየጠራ የሚናገር፣ ሰው እየሳቀ የሚያልፈው፣ ቤት ከገባ በኋላ ግን ንግግሩ የሚከነክን። ኃይሌ ያንን ሰው ወስዶ የፊልሙ ምስክር አደረገው።

አሁን ትንሽ ስለ ኃይሌ ስለራሱ ልበል። (ስለ እሱና ስለ ፊልሞቹ የምጽፋቸው ዓመታት ከዚህ በኋላ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) ጎንደር ነው የተወለደው፣ በ1946። አባቱ ገሪማ ታፈረ አርበኛና ጸሐፊ ነበሩ፤ «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉት እሳቸው ናቸው። ቴአትርም ይደርሱ ስለነበር ልጁ መድረክ አካባቢ ነው ያደገው። በሌላ በኩል ደግሞ ሲኒማ ቤት ገብቶ ታርዛንን ያይ ነበር። አፍሪካውያኑ ከኋላ ሲመጡበት፣ ሕፃናቱ ታርዛን እንዲጠነቀቅ ይጮሁለት እንደነበር በየቃለ መጠይቁ ይናገራል። የራስህን ወገን ጠላት አድርጎ የሚያሳይህ ፊልም ምን እንደሚያደርግ በልጅነቱ ነው ያየው። በ1967 ቺካጎ ትወና ሊማር ሄደ። እዚያ የሚሰጠው ሚና ዝቅ ያለ፣ የታዛዥ ሚና ሆነበት። ትቶ ሎስ አንጀለስ ወዳለው ዩኒቨርሲቲ፣ ወደ ዩ.ሲ.ኤል.ኤ. ተሻገረና ካሜራ ያዘ።

ዩ.ሲ.ኤል.ኤ. ውስጥ እነ ቻርልስ በርኔትን፣ እነ ጁሊ ዳሽን አገኘ። ጥቁር ተማሪዎች ሆሊውድን ትተው የራሳቸውን ፊልም የሠሩበት ዘመን ነው፤ በኋላ «የኤል.ኤ. ሪቤሊየን» (የሎስ አንጀለስ አመፅ) ተባለ። አንዱ ካሜራ ሲይዝ ሌላው መብራት ይይዛል። የኃይሌን «ቡሽ ማማ» ከቀረጹት አንዱ በርኔት ነው። የዚያ ፊልም አጀማመር እስከ ዛሬ ያስደነግጠኛል። ፖሊሶች ጥቁር ወጣቶችን መንገድ ላይ አስቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ድርሰት አይደለም። የተፈተሹት የኃይሌ የራሱ የቀረጻ ባልደረቦች ናቸው። ካሜራ የያዘ ጥቁር ሰው ያስጠረጥር ነበር። ካሜራው አልጠፋም፤ የተቀረጸውም ፊልሙ ውስጥ ገባ።

ዶሮቲ የምትባለዋ የዚያ ፊልም ሴት ባሏ ታስሮባት፣ ልጅ ይዛ፣ ከአንዱ የመንግሥት ድጎማ ቢሮ ወደ ሌላው የምትንከራተት ናት። ዊግ ታደርጋለች። መጨረሻ ላይ ዊጉ ወልቆ በራሷ ፀጉር እናያታለን። ኃይሌ ሴቶቹን የሚያያቸው እንዲህ ነው፤ ከሚናገሩት ይልቅ በሚያደርጉት ነገር። በፊልሞቹ ውስጥ ሴቶቹ ሲያስቡ ይታያሉ። ለእኔ፣ በዚህ ሙያ ውስጥ ላለሁ ሴት፣ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

ወደ ኤዲቱ ልመለስ፤ ልቤ ያለው እዚያ ነው። ሌላውን የኃይሌ ፊልም፣ «ጤዛ»ን፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳየው ግራ ገባኝ። አንበርብር የሚባል ምሁር እግሩን አጥቶ፣ ከጀርመን ወደ ጣና ዳር መንደሩ ወደ እናቱ ይመለሳል። ምን እንደደረሰበት ራሱም አያስታውስም። ትዝታው ቁርጥራጭ ሆኖ ነው የሚመጣው። ልጅነቱ፣ ኮሎኝ፣ አዲስ አበባ በደርግ ጊዜ፣ ከዚያ ድንገት ጠበል። ለሰርግ ኤዲት የለመደ ዓይን «ቅደም ተከተሉ የት አለ?» ይላል።

የገባኝ በመንዙማ በኩል ነው። ቤታችን ሐድራ ሲኖር አንዱ ያወጣል፣ ጀመዓው ይቀበላል። ያው ስንኝ ይመለሳል። ሲመለስ ግን ቅድም የነበረው አይደለም። ድቤው ጠብቋል፣ ሰዉ ሞቆታል፣ ያ ስንኝ ሌላ ነገር ይናገራል። የኃይሌ ምስሎችም እንዲሁ ናቸው። አንድ ፊት፣ አንድ ጩኸት፣ አንድ ተራራ ይመጣል፤ ይሄዳል፤ በኋላ ሲመለስ አንተ ሌላ ሰው ሆነህ ነው የሚያገኝህ። ሰው የሚያስታውሰው እንዲህ ነው። አባቴም ስለ 1966 ሲያወራ ከጥቅምት ጀምሮ ወደ ኅዳር አይሄድም። ከበቅሎዋ ይነሳና እናቱ ጋ ይደርሳል፣ ከዚያ ስለ አንድ ገብስ ማሳ ያወራል፣ ከዚያ ወደ በቅሎዋ ይመለሳል።

ድምፁንም ልብ በሉት። የአንዱ ትዕይንት ድምፅ ሌላው ምስል ላይ ቀድሞ ይገባል። ሰውየው ገና ጀርመን ሆኖ የመንደሩን ድምፅ እንሰማለን። እኛ ሰርግ ላይ ዘፈን ከላይ ደፍተን ሁሉንም ድምፅ እንገድላለን። የሙሽራዋ እናት እልልታ፣ የቡናው ሙቀጫ፣ የሽማግሌው ሳል ሁሉ ይጠፋል። ኃይሌ ቢሆን ሳሉን አይቆርጠውም ነበር።

እንግዲህ ይህ ሁሉ እንዴት ተቻለ? ጓደኞቼ «እሱማ አሜሪካ ነው ያለው» ይላሉ። አሜሪካም ሆኖ ገንዘብ በቀላሉ አላገኘም። «ሳንኮፋ»ን ለመሥራት ዓመታት ፈጀበት። ስለ ባርነት ነው፤ ጋናና ጃማይካ ነው የተቀረጸው። በ1993 በርሊን ፌስቲቫል ላይ ተወዳደረ። ከዚያ አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍለው ድርጅት ጠፋ። እሱና ባለቤቱ ሺሪኪያና አይና ምን አደረጉ? ሲኒማ ቤት በራሳቸው ተከራዩ። ዋሽንግተን ላይ ጀመሩ። ቤተ ክርስቲያን፣ ማኅበር፣ ተማሪ፣ ሁሉም ሰው እየጠራ ሰው መጣ። ለሳምንታት ሰልፍ ሆነ። ከዚያ ሌላ ከተማ፣ ከዚያ ሌላ። ፊልሙ ባመጣው ገንዘብ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት መጻሕፍትና ቪዲዮ የሚሸጥ፣ ቡና የሚጠጣበት፣ ሰው የሚወያይበት ቤት ከፈቱ። ስሙም ሳንኮፋ ነው። ያ ፊልም በ2021 ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ፤ ከ28 ዓመት በኋላ።

በሃዋርድ ከ1975 ጀምሮ ለአሥርት ዓመታት አስተማረ። ደመወዙም ፊልሙን ደግፏል። በካሜራ ሥራው ለኦስካር የታጨው ብራድፎርድ ያንግ የእሱ ተማሪ ነው። ያንግ ጨለማን የሚጠቀምበትን መንገድ ያየ ሰው መምህሩን ያገኘዋል።

«ጤዛ» ደግሞ 14 ዓመት ወሰደ። የኢትዮጵያውን ክፍል ቀርጾ የጀርመኑን ለመቀጠል ገንዘብ እስኪገኝ ጠበቀ። በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማት አገኘ። በ2009 ዋጋዱጉ፣ ፌስፓኮ በሚባለው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ላይ፣ ዋናውን ሽልማት፣ የየነንጋን የወርቅ ፈረስ ወሰደ። ሽልማቱ ደስ ይላል። እኔን የሚገርመኝ ግን ጥበቃው ነው። በእነዚያ ዓመታት አንድ ሀብታም መጥቶ «ትዝታውን በቅደም ተከተል አድርግልኝና ገንዘቡን ውሰድ» ቢለው ኖሮ ፊልሙ ቶሎ ያልቅ ነበር። ግን አንበርብር አይኖርም ነበር። ስታይሉና ነፃነቱ አንድ ነገር ናቸው የምለው ለዚህ ነው። የሚያዝዘው ሰው ስለሌለ ነው እንደ ትዝታ መቁረጥ የቻለው።

ሁሉንም እኩል እወዳለሁ ማለቴ አይደለም። በ«ጤዛ» የጀርመን ክፍል ላይ ወጣቶቹ አንዳንዴ ጓደኛሞች መሆናቸውን ትተው ስብሰባ ላይ ያሉ ይመስላሉ። ፖለቲካውን ሙሉ በሙሉ በአፋቸው ነው የሚጨርሱት። እዚያ ላይ ምስሉን ቢያምነው እላለሁ። አጎቴ ግን በዚህ አይስማማም። የዚያ ዘመን ተማሪ ነበር። «እኛ እኮ እንደዚህ ነበር የምናወራው! ሻይ ስናዝዝም በቲዎሪ ነበር» ይለኛል። ምናልባት እሱ ልክ ነው።

የ1999ኙ «አድዋ» ዘጋቢ ፊልሙ ደግሞ ለእኛ ለወሎዎች የቀረበ ነው። ምኒልክ በክተት አዋጃቸው የሸዋን ሠራዊት የቀጠሩት ወረኢሉ ላይ ነው። የጦርነቱ መነሻ የሆነው ውልም የተፈረመው ውጫሌ ነው፣ እዚሁ አጠገባችን። ያንን ታሪክ ኃይሌ በሽማግሌ አንደበት፣ በዘፈንና በፉከራ፣ በአገር ሥዕል ነው የሚነግረው። ታሪኩ ያለው ሕዝቡ አፍ ላይ ነው ብሎ ስለሚያምን ነው። ስለዚህ ፊልሙን ስታይ የምትማር ሳይሆን እሳት ዳር ተቀምጠህ የምትሰማ ይመስልሃል።

ከዓመታት በፊት አጭር ስክሪፕት ጻፍኩ። በጭሰኛና በባላባት መካከል ስለነበረች አንዲት ልጅ ነው። ለአንድ ፕሮዲውሰር አሳየሁት። አነበበውና «ወሎ ከሆነ ወይ ጭፈራ ወይ ረሃብ አስገቢበት፤ ካልሆነ ማን ያየዋል?» አለኝ። አልተጣላንም። ስክሪፕቴን ይዤ ወጣሁ። ያን ቀን በጣም ከፍቶኝ ነበር። አሁን ሳስበው እሱ ያየው ወሎ ሌሎች የቀረጹትን ወሎ ነው። ሌላ አላሳየነውም።

ስለዚህ ትንንሽ ነገር ጀምሬያለሁ። ሰርግ ስቀርጽ የአያቶችን ምርቃት አልቆርጥም። ወሎ ውስጥ ምርቃት ራሱን የቻለ ጥበብ ነው። አንዲት ኮምቦልቻ ያገባች ሙሽራ አያት መርቀው መርቀው፣ መሀል ላይ የሞተ ባላቸውን ስም ጠርተው፣ ትንሽ ቆይተው፣ እንደገና ወደ ሙሽሮቹ ተመለሱ። ሙሽራው «አሳጥሪው» አለኝ። ሙሽራይቱ «አትንኪው» አለች። የእሷን ሰማሁ። ዘፈንም አልጨመርኩበትም።

አሁን ደግሞ አባቴን መቅረጽ ጀምሬያለሁ። ስለ በቅሎዋ፣ ስለ ነዶው፣ ስለ ገብሱ ማሳ። ስፖንሰር የለም። ካሜራው የስቱዲዮው ነው፣ ድምፁን አንድ ጓደኛዬ ይይዝልኛል፣ ክፍያዬ ሰርግ በበዛ ወር ይመጣል። ሰርግ በሌለበት ወር እንቆማለን። ከመኸር በፊት አባቴ ያደገበት ቀበሌ ወርደን የእርሻውን ክፍል እንቀርጻለን፤ እርፍ የሚይዘው ራሱ ነው፣ «ተዋናይ እንዳታመጪብኝ» ብሎኛል።

አንድ ነገር ግን ጎድሎኛል፤ እናንተን ልጠይቅ። ከ1966 በፊት ወይም በዚያው አካባቢ የተነሳ የወሎ ቤተሰብ ፎቶ ያላችሁ ካላችሁ እባካችሁ አሳዩኝ። የሰርግ፣ የገበያ፣ የወይዘሮ ስሂን ተማሪዎች፣ የሱቅ በር ላይ የቆመ አባት፣ አዲስ ቀሚስ የለበሰች ልጅ፣ ምንም ይሁን። ቢደበዝዝም ቢቀደድም ችግር የለም። ዋናውን አልወስድባችሁም፤ ደሴ ካላችሁ እኔው መጥቼ እዚያው ቤታችሁ ኮፒ አድርጌ እመልስላችኋለሁ። ፎቶው ላይ ያሉትን ሰዎች ስምና ምን ይሠሩ እንደነበር የሚነግረኝ ሰው ካለ ደግሞ መቅረጫዬን ይዤ እመጣለሁ።